የሌለ ቅመም ታሪክ

ይህን ጽሑፍ ለዚህች መጽሔታችን እያዘጋጀሁ መሆኔን ለመኝታ ክፍል ጓደኛዬ ስነግረው ሳቀብኝ። «የሌለ ነገር ደግሞ ታሪክ አለው እንዴ? አንተ እኮ የታሪክ ተማሪ መስለኸኝ ነበር!» አለኝ። ነገሩ ሐሰት አይደለም። ልጽፍበት ያሰብኩት ዕቃ በዚህች ምድር ላይ የለም፤ ኖሮም አያውቅም። አሜሪካዊው ደራሲ ፍራንክ ኸርበርት እ.ኤ.አ. በ1965 ባሳተመው «ዲዩን» በተባለው ልብ ወለድ ውስጥ የፈጠረው ቅመም ነው። ሆኖም መጽሐፉን አንብቤ ስጨርስ፣ በሦስት ዓመት የታሪክ ትምህርት ያላነሣሁትን አንድ ጥያቄ ይዤ ተነሣሁ። ጥያቄው ስለሌለው ቅመም ብቻ አይደለም። ስላለው ቀረፋ፣ ስላለው ጨው፣ ስላለው ቤንዚንም ነው። ጓደኛዬ ይፍረደኝ፤ እናንተም ፍረዱ።

መጽሐፉን የት እንዳነበብኩት ልናገር፤ ለነገሩ ያስፈልጋልና። አባቴ የሚኒባስ ታክሲ ነጂ ነው። ባለፈው የክረምት ዕረፍት ቤንዚን ጠፍቶ ስለነበር ሌሊት ወረፋ ይዞ ያድር ነበር፤ እኔም ብቻውን እንዳይሆን ብዬ አብሬው አድራለሁ። ከሰው የተዋስኩትን ያን ወፍራም መጽሐፍ ያነበብኩት በሚኒባሱ የውስጥ መብራት ነው። አንድ ሌሊት አባቴ «ምንድን ነው እንዲህ የመሰጠህ?» አለኝ። «አንድ ቅመም አለ፣ አባዬ። በአንድ በረሃ ብቻ የሚገኝ። እሱ ከሌለ መርከብ አይንቀሳቀስም» አልኩት። ከፊታችን የተደረደሩትን መኪናዎች አየና ሳቀ። «ታዲያ ይኼ ምኑ ተረት ነው?» አለ። ጥቂት ቆይቶ ደግሞ «አንተ ታሪክ የምትማረው፣ ይኼ ቤንዚን ከየት ነው የሚመጣው?» ሲል ጠየቀኝ። «ከጅቡቲ» አልኩ። «ከጅቡቲ በፊትስ?»

ዝም አልኩ። የነገሥታቱን ዘመን በተርታ መቁጠር እችላለሁ። የአባቴ እንጀራ የተንጠለጠለበት ፈሳሽ የመጣበትን መንገድ ግን አላውቀውም ነበር። ያን ሌሊት ያፈርኩት እፍረት ነው ይህን ያስጻፈኝ።

፩. ቅመሙ

በልብ ወለዱ ዓለም ሰው በብዙ ፕላኔቶች ላይ ተበትኖ ይኖራል። ንጉሠ ነገሥት አለ፤ መሳፍንት አሉ፤ ጉልት የሚሰጥና የሚነጠቅ አለ። ለእኛ አገር አንባቢ ይኼ ብዙ ማብራሪያ አያሻውም። ጊዜው ግን እጅግ ሩቅ መጪ ዘመን ነው። ታሪኩ ከመጀመሩ ከ10,000 ዓመት በፊት ሰዎች በሚያስቡ መኪናዎች ላይ ተነሥተው ሰባብረዋቸዋል። ከዚያ ወዲህ እንደ ሰው አእምሮ የሚያስብ መሣሪያ መሥራት በሃይማኖት ሕግ የተከለከለ ነው። ስለዚህ ኮምፒዩተር የለም። ኮምፒዩተር ከሌለ ደግሞ ከኮከብ ወደ ኮከብ ለሚጓዘው መርከብ መንገዱን የሚያሰላለት የለም። ይህን ክፍተት የሚሞላው ቅመሙ ነው።

ስሙ ሚላንዥ ይባላል፤ በፈረንሳይኛ «ድብልቅ» እንደማለት ነው። ሽታው ቀረፋ ቀረፋ ይላል። የሚወስደው ሰው ዕድሜው ይረዝማል። አዘውትሮ ሲወስደው የዓይኑ ነጩ ሳይቀር ሰማያዊ ይሆናል። ለአንዳንዶች ደግሞ የመጪውን ጊዜ መጋረጃ ይገልጥላቸዋል፤ የመርከብ መሪዎቹ ማኅበር ከአደጋ የራቀውን መንገድ አስቀድሞ የሚያየው በዚህ ነው። ባለጸጎቹ ለዕድሜ ይፈልጉታል፤ መርከበኞቹ ለመንገድ ይፈልጉታል፤ ምሥጢራዊ የሴቶች ማኅበር አለ፣ እሱም ለመንፈሳዊ ኃይሉ ይፈልገዋል። አንዴ የለመደው ግን ሊተወው አይችልም፤ ቢያጣው ይሞታል። እፍኝ ቅመም ቤት ይገዛል።

የሚገኘውም በአንድ ቦታ ብቻ ነው፦ አራኪስ በምትባል ዝናብ የማታውቅ የአሸዋ ፕላኔት። አፈጣጠሩን ደራሲው እንደ ሥነ ሕይወት መምህር ቁጭ ብሎ ያስረዳል። ከአሸዋው በታች ትንንሽ ፍጥረቶች ውሃ ከበው ይይዛሉ። ከእነሱ የሚወጣው ቆሻሻ ከውሃው ጋር ይዋሐድና እንደ ሊጥ ይቦካል፤ ጋዝ ይጠራቀምበታል። መጨረሻ ላይ ፈንድቶ ወደ ላይ ይወጣል፤ ፀሐይና አየር ሲያገኘውም ቅመም ይሆናል። ከፍንዳታው የተረፉት ፍጥረቶች ዘመን ሲቆጠር አድገው ቤት የሚያክል መኪና የሚውጡ ግዙፍ ትሎች ይሆናሉ። እነዚህ ትሎች አሸዋው ላይ ምት ያለው እንቅስቃሴ ሲሰማቸው ወደዚያው ይገሠግሣሉ። ስለዚህ የመልቀሚያው መኪና ሥራ በጀመረ ቁጥር ትል መምጣቱ አይቀርም። የሥራው ጥያቄ «ትል ይመጣል ወይ?» አይደለም፤ «ከመምጣቱ በፊት ስንት እንለቅማለን?» ነው።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ በሉ። በቤተ መንግሥት ማዕድ ላይ ምሥጢር፣ ተአምር፣ የዕድሜ ምንጭ የሚባለው ነገር፣ ከሥሩ ሲታይ የቦካ ቆሻሻና የሠራተኛ ነፍስ ነው።

፪. ለማን ምሥጢር፣ ለማን አቧራ?

በአራኪስ በረሃ ውስጥ ፍሬመን የሚባሉ ሰዎች ይኖራሉ። እነዚህ ሰዎች ቅመሙን ይበላሉ፤ በቡናቸው ይጨምሩታል፤ ከእሱ ጨርቅ ይሠራሉ፣ ወረቀት ይሠራሉ፣ ፈንጂ ይሠራሉ። በእጅ የያዙት ወርቅ ከመዳብ ይቆጠራል እንደሚባለው፣ ለእነሱ ቅመም የቤት ዕቃ ነው። እነሱ የሚሳሱት ለውሃ ነው። ሰው ሲሞትባቸው ከሬሳው ውስጥ ያለውን ውሃ ለማኅበረሰቡ ያስቀራሉ። አንድ የፍሬመን አለቃ በእንግዳው መስፍን ጠረጴዛ ላይ እንትፍ ሲል የመስፍኑ ጠባቂዎች ተሰደብን ብለው ሰይፍ ሊመዙ ይዳዳሉ። ሰውዬው ግን ከሰውነቱ ውሃ ቆርሶ መስጠቱ ነበር። በሽማግሌ ምራቅ ተመርቀን ላደግን ለእኛ ይኼን ለመረዳት ትርጓሜ አያስፈልገንም።

ታዲያ ያው ቅመም መርከቡ ላይ ሲጫን፣ ከፕላኔት ፕላኔት ሲሻገር፣ እጅ ሲለዋውጥ ምሥጢር ይሆናል። ከመንገዱ መጨረሻ ያለው ባለጸጋ ትሉን አይቶ አያውቅም፤ አሸዋውን አይቶ አያውቅም፤ የሚያውቀው ሽታውንና ዋጋውን ብቻ ነው። ንጉሠ ነገሥቱና መኳንንቱ በጋራ ድርሻ የያዙበት ቾአም የሚባል ኩባንያ ንግዱን ይዟል። ፍሬመኖቹ በሰማያቸው ላይ መመልከቻ ሳተላይት እንዳይሰቀልባቸው ለመርከበኞቹ ማኅበር በድብቅ ቅመም ጉቦ ይከፍላሉ። በዚህም ምክንያት ገዢዎቹ ፍሬመንን ጥቂት ዘላኖች እያሉ ይንቋቸዋል፤ በእውነት ስንት እንደሆኑ አያውቁም። የአባይን ልጅ ውሃ ጠማው ማለት ይኼ ነው፤ የቅመሙ ልጆች በራሳቸው ቅመም የሚገዙት ሳይታዩ የመኖርን መብት ነው።

በመጽሐፉ ውስጥ ከሁሉ የወደድኩት ቦታ ጦርነቱ አይደለም። መስፍን ሌቶ የቅመም ለቀማ ሊያይ በበረረበት ቀን ትል ይመጣል። መኪናውን አንሥቶ የሚያወጣው ትልቁ አውሮፕላን ደግሞ ጠፍቷል። ሠራተኞቹ ቅመሙን ትተው መውጣት አይፈልጉም። መስፍኑ ግን ቅመሙ ይቅር፣ ሰዎቹ ይውጡ ብሎ ያዝዛል፤ ራሱም ወርዶ ያጭቃቸዋል። አብሮት የነበረውና ይጠላው የነበረው የፕላኔቷ ሊቅ ያን ጊዜ ሳይወድ በግድ ያደንቀዋል። በዚያ ቅጽበት ዕቃው ዕቃ፣ ሰውም ሰው ሆኖ ይታያል። በቀረው መጽሐፍ ውስጥ ይኼ ብዙ ጊዜ አይደገምም።

፫. ደራሲው ከየት አመጣው?

ልብ ወለድ ከሰማይ አይወርድም። ኸርበርት ጋዜጠኛ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1957 በኦሬገን ክፍለ ግዛት ፍሎረንስ ወደምትባል ከተማ ሄደ፤ በዚያ የአሜሪካ ግብርና መሥሪያ ቤት የሚንከራተተውን የባሕር ዳር አሸዋ ሣር እየተከለ ያግደው ነበር። ስለዚሁ ሊጽፍ ያሰበው መጣጥፍ ሳይታተም ቀረ፤ ሐሳቡ ግን አድጎ ልብ ወለድ ሆነ። ሌዝሊ ብላንች እ.ኤ.አ. በ1960 ስለ ካውካሰስ ተራሮች ጦርነትና ስለ ኢማም ሻሚል ከጻፈችው መጽሐፍም ቃላትና ትዕይንት ወስዷል። ከዓረብኛ ደግሞ ብዙ ቃል ተበድሯል። የመጽሐፉ ጀግና ፖል አትረይደስ በፍሬመኖቹ መካከል «ማህዲ» ይባላል። ይህ ቃል ለእኛ የልብ ወለድ ቃል አይደለም፤ አፄ ዮሐንስ 4ኛ በመጋቢት 1881 ዓ.ም. መተማ ላይ የወደቁት ከሱዳን ማህዲስቶች ጋር ሲዋጉ ነው።

መጽሐፉን ከ20 በላይ አሳታሚዎች አንመለከተውም ብለው መልሰውታል። በመጨረሻ የተቀበለው የመኪና ጥገና መጻሕፍት በማሳተም የሚታወቅ ድርጅት ነው። ይኼንን ለአባቴ ስነግረው በጣም ደስ አለው።

ቅመሙ ነዳጅ ነው የሚለውን ትርጓሜ ብዙዎቻችሁ ሳትሰሙት አትቀሩም። የ2021ና የ2024 ፊልሞች ከወጡ ወዲህ ተደጋግሞ ይነገራል። ደራሲው ራሱም እ.ኤ.አ. በ1980 በጻፈው መጣጥፍ ቾአም የተባለውን ኩባንያ ከነዳጅ አምራቾች ማኅበር ከኦፔክ ጋር አመሳስሎታል። እኔ በዚህ ላይ ከደራሲው ጋር አልስማማም። ኦፔክ እ.ኤ.አ. በመስከረም 1960 ባግዳድ ላይ ሲመሠረት የተሰበሰቡት ኢራን፣ ኢራቅ፣ ኩዌት፣ ሳዑዲ ዓረቢያና ቬኔዙዌላ ናቸው። እነዚህ ዘይቱ ከአፈራቸው የሚወጣባቸው አገሮች ነበሩ፤ የተሰበሰቡትም የውጭ ኩባንያዎች ዋጋውን በፈቀዳቸው ስለቀነሱባቸው ነው። በቾአም ውስጥ ግን ፍሬመን መቀመጫ የለውም። ቾአም የሚመስለው ኦፔክን ሳይሆን ከኦፔክ በፊት የነበሩትን ኩባንያዎች ነው። በፋርስ እ.ኤ.አ. በ1908 ዘይት ተገኘ፤ በ1909 ኩባንያው ቆመ፤ በ1914 የእንግሊዝ መንግሥት አብላጫውን ድርሻ ገዛ። በ1951 የኢራን ፓርላማ ዘይቱን የአገሪቱ ሲያደርግ፣ ጠቅላይ ሚኒስትሩ ሞሳዴቅ በ1953 በእንግሊዝና በአሜሪካ የስለላ ድርጅቶች እጅ በተቀነባበረ መፈንቅል ወረዱ። በልብ ወለዱ ያለውን ንጉሠ ነገሥት እዚህ ላይ ነው የማየው።

፬. ቀረፋ የምሥጢር ዕቃ በነበረ ጊዜ

ደራሲው ለቅመሙ የቀረፋ ሽታ መስጠቱ አስገርሞኛል። ቀረፋ ዛሬ በየሱቁ በላስቲክ የሚሸጥ፣ በሻይ የምንጥለው ነገር ነው። ሆኖም በጥንት ዘመን እሱም ሚላንዥ ነበር።

ከክርስቶስ ልደት በፊት በ5ኛው መቶ ዘመን የኖረው ግሪካዊው ሄሮዶቱስ፣ በዓረብ አገር ቀረፋ የሚገኘው ከትልልቅ ወፎች ጎጆ ነው ሲል ጽፏል። ወፎቹ እንጨቱን ከማይታወቅ አገር አምጥተው በገደል ላይ ጎጆ ይሠሩበታል። ሰዎቹ ትልልቅ ሙዳ ሥጋ ከሥር ያስቀምጣሉ፤ ወፎቹ ሥጋውን ሲሸከሙ ጎጆው ይከብደውና ይፈርሳል፤ ያን ጊዜ ቀረፋው ይለቀማል። ከ500 ዓመት በኋላ ሮማዊው ፕሊኒ ይህን ጠቅሶ፣ እንዲህ ያለው ተረት የሚፈጠረው ዕቃውን ለማስወደድ ነው አለ። ፕሊኒ ራሱ ግን ቀረፋ የሚበቅለው እሱ ኢትዮጵያ ብሎ በሚጠራው ምድር እንደሆነ ጻፈ። በአፍሪካ ቀንድ ዳርቻ ከነበሩት ወደቦች ይጫን ነበርና ነው። የቀረፋ ዛፍ ተወላጅነቱ ግን የደቡብና የደቡብ ምሥራቅ እስያ ነው። ተረቱን ያፈረሰው ሰው መንገዱን ሳያገኝ ቀረ ማለት ነው።

ከዚያም በኋላ ቢሆን ነገሩ አላበቃም። ከፈረንሳዩ ንጉሥ ከሉዊ 9ኛ ጋር ወደ ግብፅ የዘመተው ባላባት ዣን ደ ዥዋንቪል፣ እ.ኤ.አ. በ1309 በጨረሰው መጽሐፉ ውስጥ፣ የግብፅ ሰዎች ማታ መረባቸውን ወደ አባይ ወንዝ እንደሚጥሉና ጠዋት ዝንጅብልና ቀረፋ እንደሚያወጡ ይተርካል። ቅመሙ ከምድራዊው ገነት ዛፎች በነፋስ እየረገፈ በወንዙ ይወርዳል ተብሎ ይታመን ነበር። ከወንዙ ላይ ያለነው እኮ እኛ ነን! በግሽ ዓባይ በኩል ቀረፋ ሲረግፍ ያየ ካለ ይንገረን።

ይህን ሁሉ ያመጣሁት ለሣቅ ብቻ አይደለም። በመሐል ያለው ነጋዴ መንገዱን ይደብቃል፤ መንገዱ ሲደበቅ ተረት ይወለዳል፤ ተረቱም ዋጋ ይሆናል። ስለዚህ ምሥጢሩ የሚኖረው በዕቃው ውስጥ ሳይሆን በመንገዱ ላይ ነው። ለቃሚውና በላተኛው ፊት ለፊት ቢገናኙ ኖሮ ምሥጢር የሚባል ነገር ባልኖረ ነበር። የዚህ ጽሑፍ ዋና ሐሳብም ይኼው ነው።

የቅርቡን ምሳሌ ካስፈለገ ጨው አለ። የአፋር ምድር የጨው ሜዳ አሞሌ ለዘመናት በግመልና በአህያ ተጭኖ ወደ ደጋ ወጥቷል፤ ገንዘብም ሆኖ አገልግሏል። እ.ኤ.አ. በ1520 ወደ አገራችን የመጣው ፖርቱጋላዊው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ፣ ጨው ከሚቆረጥበት ቦታ እየራቀ በሄደ ቁጥር ዋጋው እየጨመረ እንደሚሄድ አስተውሎ ጽፏል። ጨው ሆይ ለራስህ ስትል ጣፍጥ፣ አለዚያ ድንጋይ ብለው ይጥሉሃል ይባላል። በቆራጩ እጅ ሳለ ግን ጣፈጠም አልጣፈጠም ድንጋይ ነው። ወርቅ የሚሆነው ከቆራጩ ከራቀ በኋላ ነው። እኛም ታሪክ ስንማር ስለ አሞሌ ገንዘብነት ተምረናል። ስለ ቆራጩ ግን በፈተና የተጠየቅኩበት ቀን ትዝ አይለኝም።

፭. ማጥፋት የሚችል ሰው

የልብ ወለዱ ትልቁ ትምህርት መጨረሻው ላይ ነው። ፖል ንጉሠ ነገሥቱንና መርከበኞቹን የሚያሸንፈው በሰይፍ ብቻ አይደለም። ቅመሙን የሚፈጥሩትን ፍጥረቶች የሚፈጅ መርዝ አዘጋጅቶ፣ እምቢ ካላችሁ ቅመሙን ለዘላለም አጠፋዋለሁ ይላቸዋል። መርከበኞቹ ወዲያው ይንበረከካሉ። አንድን ነገር በእውነት የያዘው ሊያጠፋው የሚችለው ነው የሚል ሐሳብ ነው።

ይህም ከእውነተኛው ታሪክ የራቀ አይደለም። ዛሬ ኢንዶኔዥያ በምንለው አገር ባንዳ የሚባሉ ትንንሽ ደሴቶች አሉ። ገውዝ በጥንት ዘመን በመላው ዓለም የሚበቅለው በእነሱ ላይ ብቻ ነበር። አውሮፓ ውስጥ ወረርሽኝ ይከላከላል እየተባለ በውድ ይሸጥ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1602 የተቋቋመው የኔዘርላንድ የምሥራቅ ህንድ ኩባንያ ከእሱ በቀር ለማንም እንዳይሸጡ ደሴተኞቹን ያስገድዳቸው ጀመር። እነሱ ደግሞ ሩዝና ጨርቅ ለሚያመጣላቸው ሁሉ መሸጣቸውን አልተዉም። በ1621 የኩባንያው አገረ ገዢ ያን ፒተርስዞን ኩን ጦር ይዞ ዘመተባቸው። ወደ 15,000 ይገመት ከነበረው ሕዝብ አብዛኛው ተገደለ፣ በረሃብ አለቀ፣ ወይም ተግዞ ተወሰደ፤ የቀረው አንድ ሺህ ያህል ቢሆን ነው። ዛፎቹን የሚንከባከብ ሰው ሲጠፋ ኩባንያው ከሌላ አገር ባሪያ አስመጣ። ከባንዳ ደሴቶች አንዷ፣ ሩን የምትባለው፣ በ1667ቱ የብሬዳ ውል ለኔዘርላንድ ስትጸና እንግሊዞች ማንሃተንን ይዘው ቀሩ። አንዲት የገውዝ ደሴት ከዛሬው ኒው ዮርክ እምብርት ጋር ተመዘነች።

ኩባንያው ገውዙ ሌላ ቦታ እንዳይተከል ፍሬውን በኖራ ይነክረው ነበር። ከተፈቀዱት ደሴቶች ውጭ የበቀለውን የቅርንፉድ ዛፍ ያስቆርጥ ነበር። ዋጋ እንዳይወድቅም በመጋዘን የተከማቸ ቅመም አቃጥሏል። ያዥው አጥፊው ነበር ማለት ነው። ሆኖም እ.ኤ.አ. በ1770 ፒየር ፑዋቭር የተባለ ፈረንሳዊ ችግኞቹን አሾልኮ ዛሬ ሞሪሺየስ ወደምንላት ደሴት አስገባቸው። በ19ኛው መቶ ዘመን ቅርንፉድ በዛንዚባር ተስፋፋ፤ በዚያም የለቀሙት ባሪያዎች ነበሩ። ብቸኝነቱ ሲያበቃ ምሥጢሩም አብሮ አበቃ። ዛሬ ገውዝን ከወረርሽኝ መድኃኒትነት ጋር የሚያስብ የለም። የለቃሚው ድካም ግን ከምሥጢሩ ጋር አላበቃም።

፮. ከድሉ በኋላስ?

እዚህ ላይ ጓደኛዬ «እንግዲያውስ ፍሬመን ቅመሙን በእጁ አስገባ፤ አሸነፈ፤ አለቀ በላ!» አለኝ። አላለቀም። ኸርበርትን ከተራ የጀብዱ ጸሐፊ የሚለየው እዚህ ነው። እ.ኤ.አ. በ1969 በወጣው ሁለተኛው መጽሐፍ፣ በፖል ስም የተነሡት ፍሬመኖች ጦርነታቸውን ወደ ሌሎች ፕላኔቶች ይዘው ሄደው 61 ቢሊዮን ሰው አልቋል። ንጉሠ ነገሥቱ ተለወጠ እንጂ ዙፋኑ ባለበት ነው። በ1981 በወጣው አራተኛው መጽሐፍ ደግሞ 3,500 ዓመት አልፎ አራኪስ ለምልማለች፤ ወንዝ አላት፤ ዛፍ አላት። ትሎቹ ግን በውሃው አልቀዋል፤ የቀረው ቅመም በአንድ ገዢ ጎተራ ውስጥ ነው። ፍሬመኖቹም የአባቶቻቸውን ልማድ ለጎብኚ የሚያሳዩ የሙዚየም ሰዎች ሆነዋል። አባቶቻቸው የተመኙት ውሃ መጣ፤ እነሱ ግን የሉም። በ1984 በወጣው አምስተኛው መጽሐፍ ደግሞ ቅመሙ በሰው እጅ መሠራት ይጀምራል፤ አራኪስ ብቸኛ ምንጭነቷን ታጣለች። የፑዋቭር ችግኝ በልብ ወለድ መጣች በሉኛ።

ስለዚህ ዕቃውን መያዝ ብቻውን አርነት አይደለም። በምሥጢር የተገዛ ሕዝብ ምሥጢሩን ከነጠቀ በኋላ እሱው ምሥጢረኛ ሊሆን ይችላል። መጠየቅ ያለበት ዕቃው በማን እጅ እንዳለ ብቻ ሳይሆን፣ መንገዱ ለለቃሚውም ለበላተኛውም የሚታይ መሆኑ ጭምር ነው።

በደራሲው ላይ አንድ ወቀሳ አለኝ። ይህን ሁሉ የሚያሳየን በመስፍን ልጅ ዓይን ነው። ትሉ ሲመጣ ከመኪናው ሮጠው የወጡት ሠራተኞች ወዴት ገቡ? ምን ያህል ይከፈላቸው ነበር? ማታ ምን አወሩ? አልተጻፈም። የሌለውን ቅመም የፈጠረ ሰው የለቃሚውን ስም መፍጠር እንዴት አቃተው? ግን ይኼን ወቀሳ ስጽፍ እጄ ይያዛል። ላለው ጨው፣ ላለው ገውዝ፣ ላለው ዘይት እኛ የታሪክ ተማሪዎች የለቃሚውን ስም ጽፈናል ወይ?

፯. ወደ ወረፋው

በየካቲት 1966 ዓ.ም. የአዲስ አበባ ታክሲ ነጂዎች ሥራ አቆሙ። የቤንዚን ዋጋ ጨምሮባቸው ነበር። ከዚያ በፊት በነበሩት ወራት፣ ከጥቅምቱ የዓረብና የእስራኤል ጦርነት ወዲህ፣ የድፍድፍ ዘይት ዋጋ በበርሜል ከ3 ዶላር ገደማ ወደ 12 ዶላር ገደማ ወጥቶ ነበር። የወሎ ረሃብ ነበረ፤ በጥር ወር የነገሌ ወታደሮች ተነሥተው ነበር፤ መምህራኑም በዚያው ሰሞን ሥራ አቁመዋል። አብዮቱን ቤንዚን ብቻ አመጣው አልልም፤ እንደዚያ የሚል ታሪክ ጸሐፊ ካለ ልጁ ልሁን። ሆኖም በዚያ ሰሞን ፒያሳ ላይ መሪ የያዘ ሰው፣ አይቶት በማያውቀው በረሃ ከሚፈሰው ነገር ጋር በአንድ ክር ታስሮ ነበር። መንግሥት ዋጋውን ጥቂት ቀነሰ፤ ክሩ ግን አልተበጠሰም። በመስከረም 1967 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን ወረዱ።

እነዚያ ነጂዎች ስማቸው ማን ነበር? ያን ሌሊት በወረፋው ላይ አባቴን ጠየቅኩት። እሱ ያኔ አልተወለደም። «የኔን መኪና መንዳት ያስተማረኝ ሰውዬ ያኔ ነጂ ነበር፤ ያወራልን ነበር» አለኝ። «ምን ብሎ?» አልኩት። «ሁለት ቀን ሙሉ ከተማው ዝም አለ ይል ነበር። የእግር ኮቴ ይሰማ ነበር ይል ነበር።» ሰውዬው ሞቷል። ማንም አልጻፈለትም።

ከፊታችን ያሉት መኪናዎች መንቀሳቀስ ሲጀምሩ ሊነጋ ነበር። አባቴ ሞተሩን ሳያስነሣ፣ ነዳጅ ላለመጨረስ፣ ወርዶ ይገፋ ጀመር። እኔም መጽሐፉን ወንበሩ ላይ ትቼ ወረድኩና ከኋላ ገፋሁ።

የመመረቂያ ጽሑፌን ርዕስ ለውጫለሁ። በከተማችን ያሉ አሮጌ የታክሲ ነጂዎችን እየዞርኩ እጠይቃለሁ፤ ከነዳጅ ቦቴ ሾፌሮችም ጋር እስከ ጅቡቲ መንገድ ድረስ የሚያወሩትን እጽፋለሁ። ከጅቡቲ በፊት ያለውን ደግሞ ከመጻሕፍት እፈልጋለሁ። ከእናንተም መካከል አባቱ፣ አጎቱ ወይም አያቱ ጨው የጫነ፣ ቡና የለቀመ፣ ቦቴ የነዳ ካለ፣ ሳይመሽ ቁጭ ብሎ ይጠይቀው። ጓደኛዬ የሌለ ነገር ታሪክ አለው ወይ ብሎ ነበር። እኔን ያስጨነቀኝ ግን ያለ ሰው ታሪክ አልባ ሆኖ መቅረቱ ነው።